ሳህኑን ማን ሰበረው? የትእዛዝና የጥፋት ሰዋስው በድምፅ አልባው ፊልም የገረድ ቀልድ

አሜሪካን ሙቶስኮፕ የተባለው የኒው ዮርክ ኩባንያ በ1898 (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) አንድ ደቂቃ እንኳ የማይሞላ የቀልድ ፊልም ሠራ። ርእሱ ቃል በቃል ሲመለስ «ብሪጅት ሰላጣውን ሳይለብስ እንዴት እንዳቀረበች» የሚል ይሆናል፤ ነገር ግን ይህ ትርጉም ገና ከመነሻው ተሸናፊ ነው። በእንግሊዝኛ ቅጠላ ቅጠል በዘይትና በኮምጣጤ ሲለወስ «ለበሰ» ይባላል፤ ሳይለወስ ሲቀርብ ደግሞ «ያልለበሰ» ነው። ይህ ቅጽል በርእሱ ውስጥ ከሰላጣው ቀጥሎ ቢቀመጥም ጾታም ቁጥርም ስለማያመለክት፣ ያልለበሰው ሰላጣው ይሁን አቅራቢዋ ሰዋስው አይነግረንም። ጌቶቿ ያሰቡት ሰላጣውን ነው፤ ብሪጅት የሰማችው ራሷን ነው። የላይ ልብሷን አውልቃ፣ ሳህኑን ይዛ ወደ መመገቢያው ክፍል ገባች። ቀልዱ ይህ ብቻ ነው። አማርኛ ግን በግሡ ላይ «ሳይለብስ» ወይም «ሳትለብስ» ብሎ ባለቤቱን ካልለየ መናገር አይችልምና፣ ቀልዱ ከመጀመሩ በፊት ተፈቶ ያልቃል።

ፊልሙ ድምፅ የለውም። በምስሎቹ መካከል የሚገባ ጽሑፍም የለውም፤ ያ ልማድ የተስፋፋው ከዚያ በኋላ ነው። ርእሱን ያላነበበ ተመልካች የሚያየው ምክንያቱ ያልታወቀ እብደት ነው፦ አንዲት ሴት ግማሽ ራቁቷን ምግብ ይዛ ትገባለች፣ የተቀመጡት ይደነግጣሉ፣ ያበቃል። እንግዲህ ሥዕሉ የቀልዱ ግማሽ ነው፤ ሌላው ግማሽ በርእሱ ውስጥ ያለ አንድ የእንግሊዝኛ ቅጽል ነው።

ይህን ያህል የዘረዘርሁት በምክንያት ነው። ስለ ድምፅ አልባ ፊልም ከሚነገረው ሁሉ እጅግ የተደጋገመው «የዓለም ሁሉ ቋንቋ ነበረ» የሚለው ነው። ዲ. ደብልዩ. ግሪፍዝን የመሳሰሉ የዘመኑ ታላላቅ አዘጋጆች ይህን በእምነት ተናግረውታል፤ ዛሬም የፊልም ታሪክ መጻሕፍት ይደግሙታል። የመውደቅና የመሰባበር ቀልድ ደግሞ የዚህ አባባል ዋና ምስክር ሆኖ ይቆማል፤ ሰው ሲወድቅ አይቶ ለመሳቅ መዝገበ ቃላት አያስፈልግም ይባላልና። እኔ የምለው፣ ቢያንስ በአንድ የታወቀ ዘርፍ፣ ማለትም እጇ በማይረጋው ገረድና በደንባራው አስተናጋጅ ቀልድ፣ ነገሩ ተቃራኒ ነው። ይህ ዘርፍ ከሥሩ የቋንቋ ቀልድ ነው። የቆመው በትእዛዝ፣ በስምና በመቃብር ጽሑፍ ላይ ነው። ድምፅ አልባው ፊልም ከዚህ ሁሉ የቀነሰው አንድ ነገር ቢኖር የሠራተኛዋን መልስ ነው።

ስለ አጠራር አንድ ማሳሰቢያ ላስቀድም። «ገረድ» የሚለው ቃል ዛሬ በአማርኛ ጆሮ ይከብዳል፤ «የቤት ሠራተኛ» ተተክቶበታል፣ በጎም አድርጓል። እዚህ «ገረድ» ስል በመድረክና በፊልም ላይ የተፈጠረችውን አምሳል ማለቴ ነው፤ በእውነት በሰው ቤት ያገለገሉትን ሴቶች «ሠራተኛ» እላለሁ። የጽሑፉ ጉዳይ በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ስለሆነ ሁለቱን ስሞች መቀላቀል አይገባም።

ከሰላጣው በኋላ የመጣው ላምባው ነው። በ1901 የኤዲሰን ኩባንያ «የብሪጅት መኪን ፍጻሜ» የተባለ አጭር ፊልም አወጣ፤ ያዘጋጀው ኤድዊን ፖርተር ነው። ብሪጅት የከሰል ምድጃውን ለማቀጣጠል ትታገላለች፤ እሳቱ እንቢ ሲላት ትናደዳለች፤ የላምባውን ዕቃ አምጥታ ታፈስበታለች፤ ምድጃው ይፈነዳል፤ እርሷም በጣሪያው በኩል ወጥታ ትሄዳለች። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ሰውነቷ ተመልሶ ይወድቃል። ከዚያ ትዕይንቱ ይቀልጥና በሸራ ላይ የተሣለ መካነ መቃብር ይተካል፤ በድንጋዩ ላይ የተጻፈው ብሪጅት መኪን እዚህ እንዳረፈችና እሳት በኬሮሲን እንደ ጀመረች ይናገራል። መኪን እና ኬሮሲን ቤት ይመታሉ። የአባቷ ስም ለምን መኪን ሆነ ቢባል ሌላ መልስ የለውም፤ አሟሟቷን የመረጠላት ቤት መምቻው ነው።

ሁለት ዓመት ቆይቶ ይኸው ታሪክ አትላንቲክን ተሻገረ። እንግሊዛዊው ጆርጅ አልበርት ስሚዝ በ1903 በደቡብ እንግሊዝ በሆቭ ከተማ «የሜሪ ጄን አደጋ» የተባለውን ፊልም ሠራ፤ ገረዷን ሆና የተጫወተችው የገዛ ሚስቱ፣ የመድረክ ተዋናይቱ ሎራ ቤይሊ ናት። በእንግሊዝ አገር ላምባ «ፓራፊን» ይባላልና ኬሮሲን ያስገኘው ቤት ተበላሸ። ስሚዝ ቤት መምቻውን ተወና ኅብረ ቃል ፈለገ፦ በእንግሊዝኛ «በሰላም ይረፉ» በሚለው የመቃብር ቃል ውስጥ ያለው «ሰላም» ከ«ቁርጥራጮች» ጋር በድምፅ እጅግ ይቀራረባል። በሜሪ ጄን ድንጋይ ላይ ያለው ጽሑፍ ሁለተኛውን ይጽፋል፤ ማለትም ተቆራርጣ እንድታርፍ ይመኝላታል። እዚህ ላይ ለጆሮ የሚቀራረበውን ዓይን ይለያል። ድምፅ የሌለው ፊልም የድምፅን መመሳሰል በፊደል ሲያስነብብ፣ ተመልካቹ በልቡ ድምፁን ካላሰማ ቀልዱ አይሠራም።

የሜሪ ጄን ፊልም ከአሜሪካዊው ይልቅ እጅግ የበለጸገ ነው፤ አራት ደቂቃ ያህል ይረዝማል። ስሚዝ ካሜራውን ከሩቅ ወደ ቅርብ እያመጣ ፊቷን ያሳየናል። ጫማ ስትወለውል ቀለሙን ሳታውቅ አፍንጫዋ ሥር ትቀባውና ጢም ያወጣች ትመስላለች፤ ይህን በመስተዋት ስታይ ትስቃለች እንጂ አታፍርም። ላምባውን ልታፈስ ስትል ደግሞ ወደ ካሜራው ዘወር ብላ ትጠቅሰናለች። አማርኛ እዚህ ቦታ ላይ ከእንግሊዝኛ የበለጠ ያያል እላለሁ። «ጠቀሰ» በዓይን ምልክት ሰጠ ማለት ነው፤ የሌላውን ቃል አነሣ ማለትም ነው። ጥቅሻና ጥቅስ ከአንድ ሥር የወጡ ናቸው። ሜሪ ጄን በፊልሙ ውስጥ አንዲት ቃል አትናገርም፤ የርሷ ንግግር ሆኖ የቀረው ጥቅሻዋ ነው። ጥቅሻውም ስለ ጥፋቱ የሚለው ነገር አለ፦ ምን እንደማደርግ አውቃለሁ ይላል፤ ወይም እናንተም ታውቃላችሁ ይላል። በመጨረሻም መንፈሷ ከመቃብር ተነሥቶ ጎብኚዎቹን ያስደነግጥና የላምባውን ዕቃ ይዞ ይመለሳል። የተፀፀተች አትመስልም።

የአገራችን ሊቃውንት ለዚህ ዓይነቱ ነገር የተሰናዳ ቃል አላቸው። በቅኔ ቤት ኅብር የሚባለው አንድ ቃል ሁለት ምሥጢር ሲሸከም ነው፤ አንዱ ሰም ሌላው ወርቅ ይሆናል። ብልህ ሰሚ ሰሙን አልፎ ወርቁን ያነሣል። የገረድ ቀልድ የዚህ ግልባጭ ነው። ጌታ ሲያዝ ወርቁን ብቻ የተናገረ ይመስለዋል፤ ገረዷ ሰሙን ብቻ ሰምታ እርሱን ትፈጽማለች። «ወተቱን ጠብቂው» የተባለች ሠራተኛ ወተቱ ገንፍሎ እስኪፈስ ፊት ለፊቱ ቁጭ ብላ ብትጠብቀው፣ ትእዛዙን አላፈረሰችም። የሚያስቀው ትእዛዙ በትክክል መፈጸሙ ነው። ቅኔው ግን ተመስጋኙን ያስመሰግናል፤ የገረዷ ኅብር ተጠያቂዋን ይፈጥራል። ቃሉን በሁለት መልክ ያወጣው ጌታ ሆኖ ሳለ ሞኝ የምትባለው የሰማችው ናት።

ጥፋቱ የማን ነው የሚለው ጥያቄ ወደ ግሡ ያመጣናል፤ የዚህ መጽሔት አንባቢ በይበልጥ የሚያተኩረውም እዚህ ላይ ይመስለኛል። አንድ ሳህን ከአንዲት ሴት እጅ ወድቆ ሲሰበር በፊልም ታየ እንበል። አማርኛ ተናጋሪ ይህን ሲተርክ ዝም ብሎ መተረክ አይችልም። «ሰበረችው» ቢል አድራጊ ግሥ ነው፤ ጥፋቱ የርሷ ነው። «ተሰበረ» ቢል ተደራጊ ነው፤ አድራጊው ተሰውሯል። «ተሰበረባት» ቢል «-ብ-» የምትለዋ ምዕላድ ገብታ ሴቲቱን ተጎጂ ታደርጋታለች፤ ነገሩ የደረሰው በርሷ ላይ ነው። «አመለጣት» ቢል ከሁሉ የሚገርመው ይመጣል፦ ባለቤቱ ሳህኑ ነው፣ ሴቲቱ ተሳቢ ናት፤ ሳህኑ እንደ እስረኛ አምልጦ ሄደ። ጌቶች «ሰበረች» ይላሉ፤ ሠራተኛ «አመለጠኝ» ትላለች። ሁለቱም አንድ ነገር አይተዋል። በአስደራጊው «አሰበረቻት» ቢባል ደግሞ ያጣደፈችው እመቤት ወደ ችሎቱ ትቀርባለች። እነዚህ አዕማድ የቅርጽ ብቻ ሳይሆኑ የፍርድም ናቸው።

ከዚህ ጋር የሚሄደው ሁለተኛው ነገር «አለ» ከሚለው ግሥ ጋር የሚዋቀሩት ቃላት ናቸው። ሸርተት አለች፣ ድፍት አለች፣ ሳህኑ እንክት አለ፣ ምድጃው ቧ አለ። በአማርኛ መውደቅና መሰበር «ይላሉ»። እንዲህ ዓይነቱ አዋቀር በአካባቢያችን በኩሽም በኦሞም ቋንቋዎች ዘንድ እንደሚገኝ የታወቀ ነው፤ እንግሊዝኛና ፈረንሳይኛ ግን ይህን ያህል የዳበረ ሥርዐት የላቸውም። ስለዚህ ድምፅ የሌለውን የመውደቅ ቀልድ በአማርኛ የሚተርክ ሰው ለዕቃው ሁሉ አፍ ይሰጠዋል፤ ሳህኑ ይላል፣ ምድጃው ይላል፣ ወለሉ ይላል። ዝም የምትለው ገረዷ ብቻ ናት። «አለ» ወደ «አደረገ» ሲለወጥም ያው የጥፋት ጥያቄ ይመለሳል፤ «እንክት አለ» እና «እንክት አደረገችው» በአንድ ረዳት ግሥ የሚለያዩ ሁለት የፍርድ ቤት ቃሎች ናቸው።

የፊልም ርእሶችም በዚህ ሚዛን ቢመዘኑ የሚገለጥ ነገር አለ። ታኅሣሥ 28 ቀን 1895 በፓሪስ በግራን ካፌ የሉሚየር ወንድማማቾች ለሕዝብ ካሳዩአቸው አሥር ፊልሞች አንዱ አትክልተኛ የሚያጠጣበት ነው። አንድ ልጅ ከኋላው መጥቶ ቱቦውን ይረግጠዋል፤ ውኃው ይቆማል፤ አትክልተኛው አፉን ሲመለከት ልጁ እግሩን ያነሣል፤ ውኃው ፊቱን ይመታዋል። አትክልተኛውን ሆኖ የታየው ፍራንሷ ክሌር የሉሚየር ቤተሰብ እውነተኛ አትክልተኛ ነበረ፤ በፊልም ታሪክ የመጀመሪያው ተሳቂ ሠራተኛ፣ በዕለት ሥራው ላይ እንዳለ የተሣቀበት ሰው ነው። በዚያ ዕለት በመርሐ ግብሩ የተጻፈው ርእስ «አትክልተኛው» ብቻ ነበረ፤ የሙያ ስም ነው። ኋላ ግን ፊልሙ የታወቀው «ውኃ ረጪው ተረጨ» በሚል ትርጉም ባለው ርእስ ሆነ፤ አንዱን ግሥ አንድ ጊዜ በአድራጊ አንድ ጊዜ በተደራጊ የሚያስኬድ የፈረንሳይኛ ቅንጅት ነው። ይህ ቅንጅት ዛሬ በፈረንሳይኛ ለሌላው በቆፈረው ጉድጓድ ራሱ ለገባ ሰው ይነገራል። ነገር ግን አትክልተኛው ለማንም ጉድጓድ አልቆፈረም! ተንኮለኛው ልጁ ነበረ። የርእሱ ሰዋስው ሁለቱን ግሦች በአንድ ባለቤት ላይ ስለ ደረበ፣ ልጁ ከዐረፍተ ነገሩ ወጣ፤ ጥፋቱም ለተጎጂው ተረፈ።

ወደ ብሪጅት እንመለስ፤ ስሟ ራሱ ማስረጃ ነውና። ብሪጅት የአየርላንድ ቅድስት ስም ነው። በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዘመን በሰሜን ምሥራቅ አሜሪካ ከተሞች በቤት አገልግሎት የተሰማሩት ሴቶች ብዙዎቹ አየርላንዳውያን ስለ ነበሩ፣ ስሙ የተጸውዖ ስም መሆኑ ቀርቶ የወል ስም ሆነ፤ «ብሪጅታችን ሄደች» ማለት ገረዳችን ሄደች ማለት ነበረ። ከእነዚህ ሴቶች በምዕራብ አየርላንድ የተወለዱት አንዳንዶቹ አፍ የፈቱት በአየርላንድኛ ነው። እንግሊዝኛውን የቤት ዕቃ ስም ከእመቤቶቻቸው አፍ የለቀሙት በትእዛዝ መልክ ነው። የሰላጣው ቀልድ በዚህ ታሪክ ላይ የተቀመጠ ነው፤ በባዕድ ቋንቋ የታዘዘች ሴት የቃሉን ተራ ፍች ብትይዝ ከቋንቋ ለማጅ የሚጠበቅ ነገር እንጂ ሞኝነት አይደለም። ኩባንያዎቹ ያንን ለማጅ ወስደው ቂል አደረጓት።

ላምባውም እንዲሁ ነው። እሳት በላምባ ማቀጣጠል በዘመኑ ጋዜጦች ላይ በተደጋጋሚ የሚነበብ እውነተኛ የሞትና የቃጠሎ ምክንያት ነበረ። ሠራተኛዋ ቤተሰቡ ሳይነሣ ቀድማ ተነሥታ ምድጃውን ማሞቅ ነበረባት፤ እንጨቱ ሲረጥብ፣ ከሰሉ ሲያስቸግር፣ ሰዓቱ ሲደርስ፣ ላምባው ቅርብ ነው። «የብሪጅት መኪን ፍጻሜ» ከዚህ ውስጥ ጥድፊያውን አውጥቶ ንዴቱን ብቻ አስቀረ። ማጊ ሄነፌልድ በ2018 ባሳተሙት ስለ ድምፅ አልባ ፊልም ሴት ኮሜዲያን በሚያወሳው መጽሐፋቸው እነዚህን የሚፈነዱ ገረዶች በሰፊው መርምረው፣ በፍንዳታው ውስጥ የመቆራረጥን ጭካኔና ከወጥ ቤት የማምለጥን ደስታ አብረው ያነባሉ። ንባባቸው የሚያሳምን ነው፤ የሜሪ ጄን ጥቅሻ ይደግፈዋል። ይሁንና የአማርኛ አንባቢ ሌላ ጥያቄ ይጨምራል፦ ምድጃውን አፈነዳችው፣ ፈነዳባት፣ ወይስ ፈነዳላት? «-ብ-» እና «-ል-» ተፋጥጠው ይቆማሉ፤ ፊልሙ ለሁለቱም ክፍት ነው፤ የአሜሪካው የመቃብር ጽሑፍ ግን እሳቱን የጀመረችው እርሷ ናት ብሎ በአድራጊ ግሥ ይዘጋዋል።

የተሣቀባቸው ሰዎች ዝም ብለው አልተቀመጡም። በ1907 በኒው ዮርክ የአየርላንድ ማኅበራት ራስል ወንድማማቾች በተባሉት የመድረክ ኮሜዲያን ላይ ተነሡ። ሁለቱ ወንዶች ቀሚስ ለብሰው «አየርላንዳውያኑ ገረዶች» በሚል ርእስ ለዓመታት ሲያስቁ የኖሩ ናቸው። ተቃዋሚዎች በትርኢቱ መካከል ጮኹ፣ እንቁላልም ወረወሩ። የተጠየቀው የአንድ ቃል መሻር አልነበረም፤ በእናቶቻቸውና በእኅቶቻቸው ስም መሣቅ እንዲቆም ነበረ። ብሪጅት የወል ስም ከሆነች በኋላ ወደ ተጸውዖ ስምነት መመለስ ምን ያህል አድካሚ እንደ ሆነ ከዚህ ይታያል።

በፈረንሳይም ተመሳሳይዋ አለች፤ የአነስተኛ ቋንቋዎች ተመራማሪ ሊያልፋት የማይገባ ናት። ቤካሲን የብሬታኝ ተወላጅ የቤት ሠራተኛ ሆና በየካቲት 2 ቀን 1905 «ላ ስሜን ደ ሱዜት» በተባለው የልጃገረዶች መጽሔት በሥዕል ታሪክ ተወለደች። ስሟ ከአንድ የወፍ ስም የወጣ ሆኖ በፈረንሳይኛ ተላላ ሴት ማለት ነው። የምትታዘዘውን ሁሉ ቃል በቃል ትፈጽማለች። ሠዓሊው ፔንሾን በአብዛኛው ያለ አፍ ነው የሣላት። በዚያው ዘመን ብሬቶንኛ ተናጋሪ ልጃገረዶች በሞንፓርናስ ባቡር ጣቢያ እየወረዱ በፓሪስ ቤቶች ይቀጠሩ ነበር፤ ቋንቋቸው በትምህርት ቤት የሚያስቀጣ ነበረ። ሠዓሊው ይህን አስቦበት ይሁን አይሁን ለክርክሩ አያሻም፤ አፍ የሌላት የብሬታኝ ገረድ በብዙ ሺህ ልጆች እጅ ገብታለች። በ1939 የብሬታኝ ወጣቶች በፓሪስ በግሬቫን ሙዚየም የቆመውን የሰም ምስሏን ሰባበሩት። (ይህን እንኳ በተደጋጋሚው ግሥ «ሰባበሩ» እንጂ «ተሰበረባቸው» የሚል ማንም የለም።)

የፈረንሳይ ፊልም ግን ከሥዕሉ ይልቅ ለገረዷ ቸር ነበረ። ከ1911 እስከ 1913 ሉክስ የተባለው ኩባንያ ባወጣቸው የኪውኔጎንድ ፊልሞች ገረዷ የቀልዱ ዕቃ ሳትሆን ባለቤት ናት። በአንዱ ፊልም ጌቶቿ ከቤት ሲወጡ ዘመዶቿን ከአገር ቤት ጠርታ በጌቶቿ ሳሎን ታስተናግዳቸዋለች። ከዚያ የሚሰበረው ዕቃ ብዙ ነው፤ የሚሰበረው ግን ከግብዣ እንጂ ከድንባሬ የተነሣ አይደለም። ትእዛዝ የሚሰጥ በቤቱ ስለሌለ በስሕተት የሚሰማ ትእዛዝም የለም። የዘርፉ ሰዋስው ሲለወጥ ግሡም አብሮ ይለወጣል።

ትእዛዝን ያህል ደጋግሜ ማንሣቴ ከአንድ የሥነ ልሳን ግኝት ጋር ስለሚገናኝ ነው። ፊዳ ቢዝሪ በሊባኖስ በስሪላንካውያን የቤት ሠራተኞችና በእመቤቶቻቸው መካከል የተፈጠረውን «ፒጅን ማዳም» የተባለ ዐረብኛ አጥንተው በ2010 በመጽሐፍ አውጥተዋል። በዚህ ቋንቋ ውስጥ የግሡ መነሻ ለሴት የሚነገረው ትእዛዝ አንቀጽ ነው። ሠራተኛዋ ስለ ራሷም ስለ ሌላውም ስትናገር «አምጪ» «ጥረጊ» በሚለው ቅርጽ ትናገራለች፤ ከዐረብኛው ግሥ በየዕለቱ የደረሳት ይኸው ቅርጽ ነውና። ከኛ አገር ሄደው በዚያው ከተማ፣ በዚያው ዓይነት ወጥ ቤት የሚሠሩ ሴቶች ስንት እንደ ሆኑ ለዚህ መጽሔት አንባቢ መንገር አያስፈልግም። እመቤት ይህን ዐረብኛ ስትሰማ ትስቃለች፤ የምትስቀው ግን በገዛ ድምፅዋ ላይ ነው። ብሪጅት ያልተሰማ ድምፅ ቢኖራት ኖሮ ከዚህ የራቀ አይሆንም ነበር፤ ሠራተኛዋ ሁሉን በትእዛዝ አንቀጽ ከሰማች፣ ዓለምን በትእዛዝ አንቀጽ መግለጧ የማይቀር ነው።

የሰላጣው ቀልድ ከሠላሳ ዓመት በኋላ እንደ ገና ብቅ አለ። በ1928 ሎሬልና ሃርዲ በሃል ሮች ስቱዲዮ በሠሩት «ከሾርባ እስከ ለውዝ» በተባለው ፊልም ሁለቱ ሰዎች ለአንዲት አዲስ ባለጸጋ ወይዘሮ ግብዣ አስተናጋጅ ሆነው ይቀጠራሉ። ሃርዲ በትልቅ ኬክ ላይ ድፍት ይላል። ሎሬል ሰላጣውን «ሳይለብስ» እንዲያቀርብ ሲታዘዝ በውስጥ ልብሱ ይመጣል። አሁን ትእዛዙ በመሃል ጽሑፍ ይነበባል፤ ከርእሱ ወርዶ ወደ ፊልሙ ውስጥ ገብቷል። ልብ የሚባለው ሌላ ነገር አለ። ሎሬል ሲሆን ማንም አየርላንዳዊ ወይም ብሬቶን አይለውም፤ የርሱ ሞኝነት የግሉ ነው። ብሪጅት ግን ለሕዝቧ ሁሉ ነበረ የምትሳሳተው።

ቻፕሊን የአስተናጋጅን ቀልድ ከቃል ለማላቀቅ ከሁሉ በላይ ደክሟል። በ1916 በሠራው «የበረዶ መንሸራተቻው» ፊልም አስተናጋጁ የደንበኛውን ሒሳብ የሚያወጣው በልብሱ ላይ የተንጠባጠበውን እያየ ነው፤ ሾርባው፣ ስፓጌቲው፣ ሐብሐቡ አንድ በአንድ ይቆጠራል። ይህ ያለ ምንም ቃል የሚገባ ነው፤ «የዓለም ሁሉ ቋንቋ» የሚሉት የሚያሸንፉበት ቦታ ቢኖር ይህ ነው። በ1936 በወጣው «ዘመናዊ ጊዜያት» ደግሞ ያው አስተናጋጅ የተጠበሰውን ዳክዬ ለደንበኛው ማድረስ ካቃተው በኋላ እንዲዘፍን ይገደዳል። የዘፈኑን ቃል እጅጌው ላይ ጽፎለታል፤ ሲጨፍር እጅጌው ይበርና ይጠፋል። ያን ጊዜ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁን ሰማን፤ የሰማነው ግን ማንም የማይናገረው ቋንቋ ነው። ዜማው የታወቀ የፈረንሳይ ዜማ ነው፤ የቃሎቹ ቅርጽ ጣልያንኛም ፈረንሳይኛም ይመስላል፤ ቀለማቱ በሥርዐት ይሄዳሉ፣ ቤትም ይመታሉ፣ ትርጉም ግን የለም። አዳራሹ ይስቃል፤ ሥራውንም ያገኛል። ከአርባ ዓመት ዝምታ በኋላ ደንባራው አሽከር አፉን ሲከፍት በርሱ ላይ የሚጠቀስ አንድ ቃል እንኳ አላወጣም፤ ከእኔ ዘንድ ይህ ከፊልሙ ሁሉ የላቀው ብልሃት ነው።

በ1940 ሎሬልና ሃርዲ «አንድ ጅል በኦክስፎርድ» በተባለው ባለ ድምፅ ፊልም መግቢያ የ1928ቱን ግብዣ እንደ ገና ሠሩት። ወይዘሮዋን ሆና የተጫወተችው ያችው አኒታ ጋርቪን ናት። ሎሬል በዚህ ጊዜ ቀሚስ ለብሶ፣ አግነስ ተብሎ፣ ገረድ ሆኖ ገባ፤ ሰላጣውንም ያው እንደ ጥንቱ አቀረበ። ቀልዱ አርባ ሁለት ዓመት ዞሮ ወደ ቀሚሱ ተመለሰ።

ይህን ፊልም በአማርኛ ጽሑፍ ለማሳየት የሚነሣ ተርጓሚ ምን ያደርጋል? «ያለ ማጣፈጫ» ቢል ሎሬል ለምን ልብሱን እንዳወለቀ ማንም አያውቅም። እኔ የማቀርበው አንድ መንገድ አለ። ቅጠላ ቅጠልን በዘይት መለወስ እንላለን፤ ለወሰ እና ለበሰ ደግሞ በአንድ ተናባቢ ብቻ ይለያያሉ። ከአናባቢ በኋላ «ብ» ስትላላ ወደ «ው» እንደምትጠጋ የታወቀ ነው፤ በፈጣን ንግግር፣ በወጥ ቤት ጩኸት መካከል፣ «ሰላጣውን ሳትለውሺ አቅርቢ» የተባለችው አግነስ «ሰላጣውን ሳትለብሺ አቅርቢ» ብላ ብትሰማ የሚያስገርም አይሆንም። ቀልዱ ይድናል። ዋጋው ግን ቀላል አይደለም፦ በእንግሊዝኛው ሁለት ፍች የያዘው የወይዘሮዋ ቃል ነበረ፤ በአማርኛው የተሳሳተው የገረዷ ጆሮ ይሆናል።